ፊቱን ሁሉም ያውቀዋል፦ ኡዶ ኪር እና የጀርመን ረዳት ተዋናዮች ሕይወት

ጀርመናዊው ተዋናይ ኡዶ ኪር ኖቬምበር 23 ቀን 2025 ካሊፎርኒያ ውስጥ ፓልም ስፕሪንግስ በምትባል ከተማ አረፈ። 81 ዓመቱ ነበር። ከ200 በላይ ፊልሞችና ተከታታይ ድራማዎች ላይ ሠርቷል። (እዚህ ያሉት ዓመቶች በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ስሙ ላይመጣላችሁ ይችላል። ፊቱን ግን ብታዩት ታውቁታላችሁ። ፈዘዝ ያሉ፣ ትክ ብለው የሚያዩ ዓይኖች አሉት። «ብሌድ» ላይ ከሽማግሌዎቹ ቫምፓየሮች አንዱ ነበር። «አርማጌዶን» ላይ ወደ ጠፈር የሚላኩትን ነዳጅ ቆፋሪዎች የሚመረምረው የሥነ ልቦና ባለሙያ ነበር። «ኤስ ቬንቱራ» ላይ ጂም ኬሪ የሚጠረጥረው ቱጃር ነበር። ሦስቱም ዓለምን የዞሩ ፊልሞች ናቸው። በሦስቱም ላይ እሱ የሚታየው ለጥቂት ደቂቃዎች ብቻ ነው።

ስለ ኪር መጻፍ የፈለግኩት በእሱ በኩል አንድ ሙያ በደንብ ስለሚታይ ነው። ረዳት ተዋናይ ሲባል ብዙዎቻችን የሚመጣልን መሪ ተዋናይ ለመሆን ሞክሮ ያልተሳካለት ሰው ነው። እኔ በዚህ አልስማማም። ሁለተኛው ረድፍ የራሱ ችሎታ፣ የራሱ ገበያና የራሱ አደጋ አለው። ለጀርመናዊ ተዋናይ ደግሞ አደጋው መልኩ የታወቀ ነው። የናዚ ዩኒፎርም ይባላል።

ከኮሎን እስከ ድራኩላ

ኪር የተወለደው ኦክቶበር 14 ቀን 1944 ኮሎን ከተማ ውስጥ ነው። ጦርነቱ ሊያልቅ ወራት ሲቀሩት፣ የተባበሩት ኃይሎች አውሮፕላኖች ከተማዋን በሚደበድቡበት ጊዜ ማለት ነው። ልጁ ገና እንደተወለደ ሆስፒታሉ በቦምብ ተመታ። እናትና አራስ ልጅ ከፍርስራሽ ሥር ተቆፍረው ወጡ። ያደገው ያለ አባት፣ በችግር ነው።

ይህን ታሪክ ያዙልኝ። በ1987 የወጣ «ኤፒደሚክ» የሚባል የዴንማርክ ፊልም አለ። ኪር እዚያ ላይ ራሱን ሆኖ ይታያል። እናቱ ስለ ቦምብ ድብደባው የነገረችውን ይተርካል። የለበሰው ገጸ ባሕሪ የለም፣ ሜካፕም የለም። ያን ክፍል ያየ ሰው ይህን ተዋናይ ቫምፓየር ብቻ አድርጎ ማሰብ ያቅተዋል።

ወደ ወጣትነቱ እንመለስ። 16 ዓመት ገደማ ሲሆነው ኮሎን ውስጥ ሠራተኞች የሚያዘወትሩት መጠጥ ቤት ከአንድ እኩያው ልጅ ጋር ተዋወቀ። ልጁ ራይነር ቨርነር ፋስቢንደር ነበር። ኋላ የምዕራብ ጀርመን ሲኒማ ትልቁ ስም ሆነ። ያኔ ግን ሁለቱም ማንም የማያውቃቸው ጎረምሶች ነበሩ። ተለያዩ። ኪር እንግሊዝኛ ሊማር ለንደን ሄደ። እዚያ መልኩን አይተው ካሜራ ፊት አቆሙት። በ1966 የመጀመሪያ ፊልሙ ላይ ታየ። የትወና ትምህርት ቤት በር አልረገጠም።

የሚገርመው ኪር ሥራውን የጀመረው በዋና ሚናዎች ነው። ከሮም ወደ ሙኒክ በሚበር አውሮፕላን ላይ አጠገቡ የተቀመጠው ሰው ፖል ሞሪሲ ሆኖ ተገኘ። ሞሪሲ በኒውዮርክ የታዋቂው ሠዓሊ የአንዲ ዋርሆል ፊልሞች ዳይሬክተር ነበር። ኪር ፎቶውን አሳየው። ሞሪሲ ስልክ ቁጥሩን ተቀበለ። ከሳምንታት በኋላ ደወለለትና የፍራንከንስታይንን ሚና ሰጠው። ፊልሙ በ1973 ወጣ። ወዲያው ደግሞ ድራኩላን እንዲሠራ ተጠየቀ፤ ግን መክሳት አለብህ ተባለ። ሰላጣና ውኃ ብቻ እየቀመሰ ከሳ። ከመዳከሙ የተነሣ መቆም አቃተው። በ1974ቱ ፊልም ድራኩላ በተሽከርካሪ ወንበር የሚገፋው ለዚህ ነው። ያ ደም የጠፋበት፣ የሚያሳዝን ቫምፓየር የተፈጠረው ከረሃብ ነው ማለት ይቻላል።

እንግዲህ በ30 ዓመቱ ሁለት ትልልቅ ስሞችን ተጫውቶ ነበር። ከዚያ በኋላ ግን ገበያው ወደ ጎን አዞረው። «ሰስፒሪያ» በሚባለው የ1977 የጣልያን ፊልም ላይ ስለ ጠንቋዮች የሚያስረዳ ሐኪም ሆነ። አንድ ትዕይንት ብቻ ነው ያለው። ይህ መውረድ ይመስላል። ግን የሙያው ዋና ዘመን የሚጀምረው እዚህ ነው።

የፋስቢንደር ቤት

ፋስቢንደር ተዋናዮቹን እንደ ቤተሰብ ይዞ ነበር የሚሠራው። በ15 ዓመት ባልሞላ ጊዜ ወደ 40 የሚጠጉ ሥራዎችን ሠርቷል። ይህን ያህል የሚቻለው ተዋናይ ሁሌ አጠገብህ ካለ ነው። ዛሬ መሪ የነበረችው ነገ ሁለት ትዕይንት ብቻ ይዛ ትመጣለች። ማንም «ወረድኩ» አይልም። ኪር ወደዚህ ቡድን ገባ። በ1977 ለቴሌቪዥን በተሠራው «ቦልቪዘር»፣ በ1979 «ሦስተኛው ትውልድ»፣ በ1981 ደግሞ «ሊሊ ማርሊን» እና «ሎላ» ላይ ሠራ። ሁሉም ላይ ሚናው ትንሽ ነው።

እዚህ ላይ ለእኛ የሚቀርብ ስም አለ። ካርልሄንዝ በምን በኢትዮጵያ የምናውቃቸው በ1981 ባቋቋሙት የሰዎች ለሰዎች ድርጅት ነው፤ በኤረርና በመርሃቤቴ በተሠሩት ሥራዎች። ከዚያ በፊት ግን በአውሮፓ ሲኒማ ንጉሠ ነገሥት ሆነው የተጫወቱ ትልቅ ኮከብ ነበሩ። ዝናቸው ሲቀዘቅዝ በ1970ዎቹ አጋማሽ ፋስቢንደር ወሰዳቸው። «ኤፊ ብሪስት» እና «የእናት ኩስተርስ ጉዞ ወደ ሰማይ» ላይ የሠሩት በረዳት ተዋናይነት ነው። ከኮከብነት ወደ ሁለተኛው ረድፍ መጥተው በጣም ጥሩ ሥራ ሠርተዋል። በዚያ ቡድን ውስጥ የሚናው ርዝመት የክብር መለኪያ አልነበረም።

ፋስቢንደር በጁን 1982 በ37 ዓመቱ ሞተ። ቡድኑ ተበተነ። ብዙዎቹ ተዋናዮች አንድ ሰው ላይ ተንጠልጥለው እንደነበር ያኔ ታወቀ። ረዳት ተዋናይ ላይ ከሚደርሱት ነገሮች ከባዱ ይህ ይመስለኛል። መሪ ተዋናይን ተመልካች ይፈልገዋል። ረዳቱን የሚፈልገው ዳይሬክተር ነው። ዳይሬክተሩ ሲሞት፣ ሲያረጅ ወይም ሲቀየም ስልኩ ዝም ይላል።

ሦስት ደቂቃ ምን ይሠራል?

ለምንድን ነው አንድ ፊት ለዓመታት አንድ ዓይነት ሚና የሚሰጠው? ብዙ ጊዜ ምክንያቱ ክፋት አይደለም፤ የጊዜ ጉዳይ ነው።

መሪ ተዋናይ ሁለት ሰዓት አለው። መጀመሪያ ክፉ መስሎ ኋላ ደግ ሊሆን ይችላል። ተመልካቹ ቀስ ብሎ ይላመደዋል። ረዳቱ ሦስት ደቂቃ ነው ያለው። በሩን ከፍቶ ሲገባ ማን እንደሆነ መታወቅ አለበት። ይታመናል ወይስ አይታመንም? ሀብታም ነው ወይስ ደሃ? ስክሪፕቱ ይህን ለማስረዳት ቦታ የለውም። ስለዚህ ሥራው ለፊት፣ ለድምፅና ለአነጋገር ይተዋል። ተዋናይ የሚመርጡት ሰዎችም የተመልካቹን ጭንቅላት ያውቃሉ። ተመልካቹ ቀድሞ የሚያውቀውን ፊት ይሰጡታል። አንድ ጊዜ ናዚ ሆነህ ከተዋጣልህ ለሚቀጥለው ናዚ የሚደወለው ለአንተ ነው።

ጀርመኖች ላይ ይህ የጀመረው ገና በጦርነቱ ጊዜ ነው። ታሪኩ ልብ ይሰብራል። ኮንራድ ፋይት በድምፅ አልባ ፊልም ዘመን የበርሊን ትልቅ ተዋናይ ነበር። ሚስቱ አይሁዳዊት ነበረች። እሱም ናዚዎችን ይጠላ ነበር። በ1933 ከጀርመን ወጣ። በ1942 ሆሊውድ «ካሳብላንካ»ን ሲሠራ የናዚውን መኮንን የሜጀር ስትራሰርን ሚና ለእሱ ሰጠው። በዚያው ፊልም ላይ ትንሽ ሚና ያለው ፒተር ሎሬም በበርሊን ዝና ካገኘ በኋላ በ1933 የሸሸ አይሁዳዊ ነው። ከናዚ የሸሸ ሰው ኑሮውን ለማሸነፍ የናዚን ጫማ አጥልቆ ይቆማል። ፋይት በዓመቱ በ1943 ሞተ። ዛሬ አብዛኛው ሰው የሚያውቀው በዚያ ዩኒፎርም ነው።

ደግሞ ሌላ ነገር አስተውሉ። ጀርመናዊው ክፉ ሰው ትልቅ ሚና ሲሆን ብዙ ጊዜ ለጀርመን ተዋናይ አይሰጥም። በ1988ቱ «ዳይ ሃርድ» ላይ ሃንስ ግሩበርን የሠራው እንግሊዛዊው አለን ሪክማን ነው። በ1993ቱ «የሺንድለር ዝርዝር» ላይ የማጎሪያውን አዛዥ አሞን ጎትን የሠራው እንግሊዛዊው ሬይፍ ፋይንስ ነው። በ2008ቱ «ቫልኪሪ» ላይ ሂትለርን ሊገድል የሞከረው ጀርመናዊ መኮንን ቶም ክሩዝ ነው። ለጀርመኖቹ የሚተርፈው ከኋላ የሚቆመው፣ ሰላምታ የሚሰጠው፣ በር የሚከፍተው መኮንን ነው። ስድቡን ተሸከሙ፣ ዋናውን ሚና ግን ሌላ ይውሰደው እንደማለት ነው። ይህ ኢፍትሐዊ ነው። ፊልሞቹንም ይጎዳል።

ለዚህ ጥሩ ምሳሌ ቶማስ ክሬችማን ነው። በ1962 በምሥራቅ ጀርመኗ ዴሳው ተወለደ። በወጣትነቱ የውድድር ዋናተኛ ነበር። በ1983 ድንበር ጥሶ ወደ ምዕራብ ሸሸ። ተዋናይ ሲሆን ግን ምን ተሰጠው? በ2000 «ዩ-571» ላይ የባሕር ሰርጓጅ መርከብ አዛዥ። በ2004 «ዳውንፎል» ላይ ኤስኤስ የተባለው የናዚ ጦር ጄኔራል። በ2008 «ቫልኪሪ» ላይ የጦር መኮንን። በ2023 በኢንዲያና ጆንስ የመጨረሻ ፊልም ላይ እንደገና ናዚ። ከአምባገነን ሥርዓት የሸሸ ሰው ሃያ ዓመት በላይ የሌላውን አምባገነን ዩኒፎርም ሲለብስ ኖረ።

ግን ክሬችማን በ2002ቱ «ዘ ፒያኒስት» ላይ ያደረገውን ተመልከቱ። ካፒቴን ሆዘንፌልድ የሚመጣው ፊልሙ ሊያልቅ ሲል ነው። የተራበውን አይሁዳዊ ፒያኖ ተጫዋች ፍርስራሽ ውስጥ ያገኘዋል። ተጫወት ይለዋል። ይሰማል። ብዙ አያወራም። ዩኒፎርሙ አንድ ነገር ይነግረናል፣ ፊቱ ሌላ ነገር። ተመልካቹ በሁለቱ መካከል ይጨነቃል። ፊልሙ ገጸ ባሕሪውን የሚያብራራበት ጊዜ የለውም፤ ክሬችማን ግን በዝምታው አብራራው። በ2017 ደግሞ የኮሪያው «ኤ ታክሲ ድራይቨር» ፍጹም ሌላ ጀርመናዊ እንዲሆን ዕድል ሰጠው። በ1980 የጓንጁን ጭፍጨፋ ለዓለም ያሳየውን ጋዜጠኛ ዩርገን ሂንትስፒተርን ሆነ። ይህን ያየው ሴኡል ነው፤ ሆሊውድ አላየውም።

ኪር ዩኒፎርሙን ምን አደረገው?

ኪር ይህን ሚና አልሸሸም። በ1989 ክሪስቶፍ ሽሊንገንዚፍ ስለ ሂትለር የመጨረሻ ሰዓት በሠራው ፊልም ላይ ሂትለርን ተጫወተ። በ2012 «አይረን ስካይ» ላይ በጨረቃ የተደበቁ ናዚዎች መሪ ሆነ። «ሃንተርስ» በተባለው የአማዞን ተከታታይ ድራማ እንደገና ሂትለር ሆነ። በ2022 «ጎረቤቴ አዶልፍ» ላይ ደግሞ ሂትለር ነው ተብሎ የሚጠረጠር ሽማግሌ ነው።

ልዩነቱ አጨዋወቱ ላይ ነው። በናዚ ፊልሞች ትልቁ ችግር ዩኒፎርሙ ሰውን ማሳመሩ ነው። ረጅም ካፖርት፣ የሚያበራ ጫማ፣ ቀዝቃዛ ድምፅ። ተመልካቹ ሳያስበው ይማረካል። ኪር ይህን ውበት ነፈጋቸው። የእሱ ናዚዎች የሚያሳፍሩ፣ የበሰበሱ፣ ራሳቸውን ያበጡ ሰዎች ናቸው። ድምፁን ያጋንናል፣ ዓይኑን ያፈጣል። ጊዜ ጊዜ ከልክ ያልፋል። ግን እነዚህን ሰዎች አይቶ «እንዴት ግርማ አላቸው» የሚል ሰው የለም። በቦምብ ፍርስራሽ ሥር ሕይወት የጀመረ ልጅ የዚያን ጦርነት አስጀማሪዎች እንዲህ አድርጎ ማሳየቱ ትክክል ይመስለኛል።

እውነቱን እንነጋገር፣ ፊልሞቹ ሁሉ ጥሩ አይደሉም። ራሱም ይህን ያውቅ ነበር። ከሥራዎቹ ግማሾቹ መጥፎ፣ ሩብ ያህሉ ከአንድ ብርጭቆ ወይን ጋር የሚታዩ፣ ሩቡ ደግሞ ጥሩ እንደሆኑ ይናገር ነበር። ይህ የሙያው ሂሳብ ነው። መሪ ተዋናይ በዓመት አንድ ፊልም መርጦ መኖር ይችላል። ረዳት ተዋናይ የሚከፈለው ለጥቂት የቀረጻ ቀናት ነው። ብዙ ካልሠራ አይኖርም። ብዙ ከሠራ ደግሞ መጥፎውንም ይሠራል።

የሚመለሱ ዳይሬክተሮች

ታዲያ ኪርን ከሌሎች ረዳት ተዋናዮች የለየው ምንድን ነው? ደጋግመው የሚጠሩት ዳይሬክተሮች ነበሩት። ከሁሉም የሚበልጠው ላርስ ፎን ትሪየር ነው።

በ1984 ማንሃይም የፊልም ፌስቲቫል ላይ ኪር የአንድ ወጣት ዴንማርካዊ የመጀመሪያ ፊልም አየ። ደነገጠ። የሠራውን ሰው ማግኘት ፈለገ። ተገናኙ፣ ተዋደዱ። ከዚያ በኋላ ፎን ትሪየር ለሠላሳ ዓመት ያህል ኪርን ከፊልሞቹ አልለየውም። «ኤፒደሚክ»፣ ለዴንማርክ ቴሌቪዥን የተሠራው «ሜዲያ»፣ «ዩሮፓ»፣ «ብሬኪንግ ዘ ዌቭስ»፣ «ዳንሰር ኢን ዘ ዳርክ»፣ «ዶግቪል»፣ «ሜላንኮሊያ»። አንዳንዱ ላይ ትልቅ ሚና አለው፣ አንዳንዱ ላይ ለአፍታ ብቅ ይላል።

የ2011ዱን «ሜላንኮሊያ» እንውሰድ። ኪር የሠርግ አዘጋጅ ነው። ሙሽሪት ሠርጉን አበላሽታበታለች። ተቆጥቷል። ዳግመኛ አላያትም ብሏል። ስለዚህ በአጠገቧ ባለፈ ቁጥር እጁን በፊቱ ጎን አድርጎ ዓይኑን ይጋርዳል። ሌላ ምንም አያደርግም። ፊልሙ ስለ ዓለም መጥፋት ነው፣ ስለ ከባድ ድብርት ነው። በዚያ ሁሉ መካከል ይህ ሰው ለአበባና ለወንበር አሰላለፍ ይናደዳል። ሰዎች ጥፋት እየመጣ ትንሽ ነገር ላይ እንዴት እንደሚጣበቁ በአንድ የእጅ እንቅስቃሴ አሳየን።

«ዘ ኪንግደም» የሚባለው የቴሌቪዥን ድራማ ደግሞ ከዚህ ይለያል። በኮፐንሃገን ሆስፒታል ውስጥ የሚካሄድ የመናፍስት ታሪክ ነው። በ1994 የመጀመሪያው ክፍል ሲያልቅ አንዲት ሐኪም ትወልዳለች። የሚወለደው የኪር ፊት ያለው ሕፃን ነው። ማየት ያስደነግጣል። በ1997ቱ ሁለተኛ ክፍል ሕፃኑ ከልክ በላይ እየረዘመ ያድጋል። አጥንቱ አካሉን መሸከም ስለማይችል በእንጨት ተደግፎ ይኖራል። ይሠቃያል፣ ግን ንጹሕ ነፍስ ነው። የሕፃኑ አባት የሆነው ክፉ መንፈስም ኪር ራሱ ነው። በአንድ ድራማ ውስጥ ክፋትንና ንጽሕናን አንድ ፊት ተሸክሟል። ለ50 ዓመት «ይህ ፊት ለክፋት ነው» ላሉት ሁሉ ከዚህ የተሻለ መልስ አላውቅም። ያ የተሰቃየ ልጅ እናቱን ሲያናግር እንባ ይመጣል። በ2022 ሦስተኛው ክፍል ሲሠራም ኪር ተመልሶ መጥቷል።

ወደ አሜሪካ የወሰደውም ዳይሬክተር ነው። ገስ ቫን ሳንት በርሊን ፌስቲቫል ላይ አገኘው። የሥራ ፈቃድ እንዲያገኝ ረዳውና በ1991 «ማይ ኦውን ፕራይቬት አይዳሆ» ላይ ከሪቨር ፊኒክስና ከኪያኑ ሪቭስ ጋር አሠራው። ከዚያ ሆሊውድ ተከፈተ። በ1998 ብቻ «ብሌድ» እና «አርማጌዶን» ወጡ። ሆሊውድ ግን ያየው ዓይኑንና አነጋገሩን ብቻ ነው። እነዚያ ሚናዎች ኪራይ ይከፍላሉ፤ ነፍሱን ያየነው ከሚያውቁት ዳይሬክተሮች ጋር ነው። በፓልም ስፕሪንግስ ድሮ ቤተ መጻሕፍት የነበረ ሕንፃ ውስጥ ይኖር ነበር። ሥዕልና አሮጌ የቤት ዕቃ ይሰበስብ ነበር።

የቀረጻ ቀን ኑሮ

ኪር ዕድለኛ ነው። ጀርመን ውስጥ የሚቀሩት አብዛኞቹ ረዳት ተዋናዮች ኑሯቸው ሌላ ነው። የሚኖሩት በቴሌቪዥን ነው። ለምሳሌ «ታትኦርት» የተባለው የወንጀል ድራማ ከ1970 ጀምሮ እሑድ ማታ ይታያል። መርማሪዎቹ ቋሚ ናቸው። ጎረቤቱ፣ ባለሱቁ፣ የሟች ወንድም፣ በመጨረሻ ጥፋተኛ የሚሆነው ሰው ግን በየሳምንቱ ይቀየራል። እነዚህን የሚሠሩት ረዳት ተዋናዮች ናቸው። ፊታቸውን መላው ጀርመን ያውቀዋል። ስማቸውን የሚያውቅ ግን ጥቂት ነው።

ክፍያው በቀረጻ ቀን ይታሰባል። የአንድ ቀኑ ገንዘብ ሲሰማ ብዙ ይመስላል። ግን ያ ቀን የሚናውን ንግግር በቃል ማጥናትን፣ ልብስ መለካትን፣ መንገድንና ሥራ የሌለበትን ወር ሁሉ ይሸከማል። ሌላም ችግር አለ። በጀርመን የሥራ አጥነት ድጎማ ለማግኘት በአጠቃላይ በ30 ወር ውስጥ 12 ወር መድን እየከፈሉ መሥራት ያስፈልጋል። ለአጫጭር ውል ሠራተኞች ይህ ወደ 6 ወር የሚወርድበት ልዩ ደንብ አለ። በዓመት ጥቂት የቀረጻ ቀናት ብቻ ላለው ሰው ግን ስድስት ወር መሙላትም ተራራ ነው። ተዋናዮቹ በ2006 የራሳቸውን ማኅበር ያቋቋሙት እንዲህ ያለ ችግር ስላለ ነው።

አሁን ደግሞ ሰው ሠራሽ አስተውሎት መጣ። በ2023 የአሜሪካ ተዋናዮች ለ118 ቀናት ሥራ ሲያቆሙ ከጥያቄዎቻቸው አንዱ ይህ ነበር። የተዋናይን ፊትና አካል አንድ ጊዜ በኮምፒውተር መዝግቦ ደጋግሞ መጠቀም። ይህ ነገር ኮከቡን መጀመሪያ አይነካውም። ኮከቡ ጠበቃ አለው። መጀመሪያ የሚነካው ሦስት ደቂቃ ያለውን ሰው ነው። ፕሮዲውሰሩ «ለአንድ በር ከፋች ለምን የቀን ክፍያ እከፍላለሁ?» ይላል። መልሱ የኪር እጅ ነው። ኮምፒውተር የሠርግ አዘጋጅ መሥራት ይችል ይሆናል። ያን እጅ ለማሰብ ግን ሰው ያስፈልጋል።

በ76 ዓመት መሪ፣ በ80 ዓመት ልብስ ሰፊ

በ2021 «ስዋን ሶንግ» ወጣ። ኪር በኦሃዮ ከተማ የሚኖር ጡረተኛ ፀጉር ሠሪ ነው። የአረጋውያን መኖሪያ ውስጥ ነው ያለው። የድሮ ደንበኛው ሞታለች፤ ለቀብሯ ፀጉሯን እሱ እንዲሠራ ተናዝዛለች። ወጥቶ በእግሩ ይሄዳል። ፊልሙ ስለ እርጅና፣ ስለ ሞቱ ጓደኞችና ስለ አንድ ግብረ ሰዶማዊ ሰው ብቸኝነት ነው። ኪር ራሱም ግብረ ሰዶማዊ ነበር፤ አልደበቀውም። ለዚህ ሥራ በአሜሪካ የኢንዲፔንደንት ስፒሪት ሽልማት በመሪ ተዋናይነት ታጨ። ጋዜጦች «በመጨረሻ ዕድል አገኘ» ዓይነት ነገር ሲሉ እኔ ትንሽ ቅር ይለኛል። በዚህ ፊልም ያለው ጸጥታ የመጣው ከእነዚያ ሁሉ ትንንሽ ሚናዎች ነው። አንድ ፊት ሳይናገር እንዴት እንደሚቆም የተማረው እዚያ ነው።

ብራዚላዊው ዳይሬክተር ክሌበር ሜንዶንሳ ፊልዮ ደግሞ ሁለት ጊዜ ጠራው። መጀመሪያ በ2019 «ባኩራው» ላይ፤ ፊልሙ በፈረንሳዩ የካን ፊልም ፌስቲቫል የዳኞችን ሽልማት ተጋርቷል። ኪር የአንድ መንደር ሰዎችን እንደ አውሬ የሚያድኑ የውጭ ሰዎች መሪ ነው። እንደተለመደው ክፉው ጀርመናዊ።

ሁለተኛው በ2025 የወጣው «ዘ ሲክሬት ኤጀንት» ነው። በካን ሜንዶንሳ ፊልዮ የምርጥ ዳይሬክተር፣ ዋግነር ሞራ የምርጥ ተዋናይ ሽልማት ወስደውበታል። ታሪኩ በ1977 በወታደራዊው መንግሥት ዘመን በብራዚሏ ሬሲፌ ከተማ ይካሄዳል። ኪር ሃንስ የሚባል ልብስ ሰፊ ነው። የአካባቢው ፖሊስ አዛዥ ይህን ጀርመናዊ የሂትለር ወታደር የነበረ ጀግና አድርጎ ያስባል። ያደንቀዋል። እንግዳ ይዞ ይመጣና ጠባሳህን አሳይ ይለዋል። ሃንስ ግን አይሁዳዊ ነው። ጠባሳውም ናዚዎች በአይሁዶች ላይ ከፈጸሙት እልቂት የተረፈ ሰው ጠባሳ ነው። አዛዡ አይሰማም፣ አይጠይቅም። ጀርመናዊ ፊት አይቷል፤ በቃው።

ፊልሙ ይህን ሚና ለሌላ ተዋናይ ቢሰጥ ኖሮ ጥሩ ትዕይንት ይሆን ነበር። ለኪር ሲሰጠው ግን ስለ ሲኒማው ራሱ የሚናገር ትዕይንት ሆነ። እኛም ተመልካቾቹ ለ50 ዓመት ያንን ፊት አይተን እንደ አዛዡ ነው ያሰብነው። ሜንዶንሳ ፊልዮ ይህን ያወቀ ይመስለኛል። ኪርም ያወቀ ይመስለኛል። ልብሱን ሲገልጥ ፊቱ ላይ ያለው ድካምና ንቀት በአንድ ቀን የሚገኝ አይደለም።

የአሜሪካው ፊልም አካዳሚ በ2024 ባሳወቀው መሠረት ከ2025 ፊልሞች ጀምሮ ለተዋናይ ምርጫ ኦስካር ይሰጣል። ዘግይቷል፣ ግን ጥሩ ነው። ትንሽ ሚና ለማን እንደሚሰጥ የሚወስኑት እነዚህ መራጮች ናቸውና። ፊትን በለመዱት ሚና ሳይሆን በሌላ ሚና የሚያዩ መራጮች ሲሸለሙ፣ ለክሬችማንም ከሴኡል ብቻ ሳይሆን ከሌላም ቦታ ስልክ ሊደወል ይችላል።

ኪርን ለማወቅ የሚፈልግ ሰው ከ«ብሌድ» አይጀምር እላለሁ። መጀመሪያ «ስዋን ሶንግ»ን ይይ። ቀጥሎ ጊዜ ካለው «ዘ ኪንግደም»ን፣ ሁለተኛውን ክፍል ሳይዘል። «ዘ ሲክሬት ኤጀንት»ን ያየ ደግሞ የልብስ ሰፊውን ትዕይንት ሁለት ጊዜ ይይ፤ አንዴ አዛዡን፣ አንዴ ሃንስን እየተከታተለ።